ለማዳም ኢቬት ሳነብ የተማርኩት ሥራ

ባለፈው መስከረም ዴንቨር አጠገብ አውሮራ ካለው የአረጋውያን መጦሪያ በጡረታ ስወጣ ባልደረቦቼ በዕረፍት ክፍሉ ኬክ ቆረጡልኝ። ከመካከላቸው አንዲት ወጣት አበሻ ነርስ፣ «እትዬ ትርሲት፣ ከእንግዲህ ቀኑን በምን ያሳልፉታል?» አለችኝ። እጽፋለሁ አልኳት። የማስታወሻ ደብተር መስሏት ጥሩ ነው፣ ለጭንቀትም ይረዳል አለችኝ። እዚያ ቤት የሚያውቁኝ ከባድ በሽተኛ ሳላስደነግጥ አገላብጬ አንሶላ በመቀየር ነው። ዴንቨርና አውሮራ ውስጥ የአማርኛ ተውኔት ሊያዩ የሚመጡት ሰዎች ደግሞ የሚያውቁኝ በደራሲነት ነው፤ ከእነሱም ብዙዎቹ ሰኞ ጠዋት የት እንደምገባ አያውቁም። ሁለቱንም ሥራ የተማርኩት ግን አንዲት አሮጊት ቤት፣ አንድ ወንበር ላይ ተቀምጬ ነው። አሁን ጊዜ አግኝቻለሁና እሱን ላውራ።

ዴንቨር የገባሁት በሃያ ስድስት ዓመቴ ነው። ካፒቶል ሂል በሚባል ሰፈር፣ ከኮልፋክስ ጎዳና ጀርባ ባለ አሮጌ ሕንፃ ውስጥ ከዘነበች ጋር አንዲት ክፍል ተከራየን። ዘነበች የናዝሬት ልጅ ናት፣ እኩያዬ፣ ሆቴል ውስጥ ክፍል ታጸዳ ነበር። ለሁለታችን ያለን የክረምት ካፖርት አንድ ብቻ ስለነበር በጠዋት የምትወጣዋ ትለብሰዋለች፤ ሌላዋ ሹራብ ደራርባ ወደ አውቶቡሱ ትሮጣለች። አንድ እሑድ የልብስ ማጠቢያ ቤት ቁጭ ብለን ማሽኑ ሲዞር እያየን፣ ናዝሬት ስለቀረችው ታናሽ እህቷ ስለ ቤዛ ስታወራኝ ነበር። ድንገት ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ «ቤዛ እህቴ አይደለችም። ልጄ ናት» አለችኝ።

የወለደቻት ገና ተማሪ እያለች ነበር። እናቷ ሕፃኗን የራሳቸው አድርገው አሳደጓት፤ ልጅቷም አያቷን እማዬ፣ ዘነበችን እህቴ እያለች አደገች። ከቤተሰቡ ውጪ ይህን የሰማሁት እኔ ብቻ ነበርኩ። ለማንም እንደማልናገር ነገርኳት። ስነግራትም ከልቤ ነበር።

እኔ የተቀጠርኩት አቅመ ደካሞችን ቤታቸው ሄዶ የሚረዳ ሠራተኛ የሚልክ አንድ ትንሽ ድርጅት ውስጥ ነው። አለቃችን ዶና የምትባል ፈጣን፣ ሲጋራዋን በጆሮዋ ላይ ሰክታ የምትዞር ሴት ነበረች። አንድ ቀን ጠርታኝ ፎርምሽ ላይ ፈረንሳይኛ እችላለሁ ብለሻል፣ የምርሽን ነው ወይ አለችኝ። የምሬን ነበር። አባቴ ድሬዳዋ የምድር ባቡር ጸሐፊ ነበር፤ የባቡሩ ሰዎች የሚጻጻፉት በፈረንሳይኛ ስለነበር እኔንም ቋንቋው በሚሰጥበት ትምህርት ቤት አስገብቶኛል። ዶና እፎይ አለች። ከዴንቨር በስተደቡብ ሴንቴኒያል ውስጥ አንዲት ፈረንሳዊት አሮጊት አሉ፣ በዓመት ውስጥ አምስት ሠራተኛ አባረዋል፣ ስድስተኛዋ አንቺ ነሽ አለችኝ።

ማዳም ኢቬት ያኔ ሰማንያ አልፏቸዋል። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ አሜሪካዊ ወታደር አግብተው የመጡ ናቸው፤ ባላቸው ሞተዋል፣ ልጅ አልወለዱም፣ ዓይናቸው ጠፍቷል። በሁለት አውቶቡስ ተሳፍሬ ቤታቸው ስደርስ ፀጉራቸውን አበጥረው፣ የጆሮ ጌጣቸውን አድርገው መስኮቱ ሥር ተቀምጠው ነበር። ቁርስ ልሥራልዎ ስላቸው ቁርስ ማንም ይሠራል አሉኝ። ከዚያ አንድ መጽሐፍ አስመጥተው አንድ ገጽ እንዳነብ አዘዙኝ። አነበብኩ። በቃልሽ ላይ የትም ያልሰማሁት ዜማ አለ፣ ግን ቃል አትውጪም አሉ። ከዚያ መኝታ ቤት ቁም ሳጥን ሥር ያሉትን ካርቶኖች እንዳወጣ ነገሩኝ።

አሥራ አንድ ካርቶን ነበር። የእናታቸው የኦርታንስ ጽሑፍ ነው። ስለ ሟች ሴትዮ በአንቱታ መናገር ይገባኝ ነበር፤ ግን ቀን በቀን ከእጅ ጽሑፏ ጋር ስውል እንደ ጓደኛዬ ስለሆነችብኝ ኦርታንስ እያልኩ ነው የምቀጥለው።

ኦርታንስ በፓሪስ ትንንሽ ቲያትር ቤቶች አጫጭር ቀልዶችን በመጻፍ ጀመረች። የቲያትሮቹ ባለቤቶች «ሴት የጻፈችው ቀልድ አያስቅም» ስለሚሉ ጽሑፎቿ የሚወጡት በወንድ ስም ነው። ሲኒማ ገና ድምፅ ሳይኖረው፣ ተንቀሳቃሽ ምስል እንደ ትርኢት በሚታይበት ጊዜ፣ ፊልም ሠሪዎች እየመጡ አንድ ተዋናይ፣ አንድ ፈረስና አንድ የተቃጠለ ቤት አለን፣ ለሰኞ ታሪክ አድርጊልን ይሏት ነበር። ታደርግላቸዋለች። ስሟ የትም አይወጣም። እንደዚያ እያለች ብዙ ዓመት ሠራች፤ በኋላ ድምፅ ያለው ፊልም ሲመጣ ሰዎችሽ በቂ አያወሩም ብለው ተዉዋት። ወደ መድረክ ተመልሳ በየክፍለ ሀገሩ ለሚዞሩ ቡድኖች እስክትሞት ጻፈች። ጎረቤቶቿ ልብስ ሰፊ ትመስላቸው ነበር፤ ሁልጊዜ መቀስ በእጇ፣ መርፌ ቁልፍ በደረቷ ላይ ይታይ ስለነበር።

መቀሱና መርፌ ቁልፉ የጽሑፍ መሣሪያዎቿ ነበሩ። ኦርታንስ ታሪኩን ጽፋ ስትጨርስ በየትዕይንቱ ቆራርጣ ወጥ ቤት ውስጥ በተዘረጋ የልብስ ማስጫ ገመድ ላይ ታንጠለጥለዋለች። ከዚያ ከገመዱ ሥር እየተመላለሰች አንዱን ከአንዱ ታቀያይራለች፣ ትርፍ የመሰላትን አውርዳ ምድጃ ውስጥ ትከታለች። ማዳም ኢቬት በልጅነታቸው የእናታቸው ታይፒስት ነበሩ፤ ከገመዱ ላይ የተረፈውን በታይፕ የሚገለብጡት እሳቸው ናቸው።

እኔን ያስተማሩኝ አስተማሪ ነኝ ብለው አይደለም። እንዳነብላቸው ብቻ ነው የፈለጉት። ግን አነባበቡ ሥርዓት ነበረው። በየቀኑ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ላይ አንድ ለስላሳ የተቀቀለ እንቁላል ይበላሉ፤ ከዚያ የሻይ ማንኪያዋን አይመልሷትም። እያነበብኩ ሳለ በማንኪያዋ የወንበራቸውን እጀታ መታ ካደረጉ ያ ቦታ ችግር አለበት ማለት ነው። መጀመሪያ እኔ የተሳሳትኩ እየመሰለኝ ደግሜ አነብ ነበር። በኋላ ነው የገባኝ። ማንኪያዋ የምትመታው አንድ ሰው ስሜቱን ራሱ ሲያብራራ ነው። ሰውየው አዝኛለሁ ካለ ትመታለች። ሰውየው ባርኔጣውን ሁለቴ አንስቶ ሁለቴ ካስቀመጠ ዝም ትላለች። የገዛ እናታቸውን ሥራ እንኳ አይምሩም፤ እዚህ ጋ ደክሟት ነበር ብለው ያልፋሉ።

የኦርታንስ ሌላ ልማድ ደግሞ ማንኛውንም ትዕይንት መጀመሪያ ያለ አንድም ቃል መጻፍ ነበር። ማን ገባ፣ ምን ይዞ ገባ፣ የያዘውን የት አስቀመጠ። ቃል የምትጨምረው እጅና ዓይን የማይበቁበት ቦታ ላይ ብቻ ነው። ለድምፅ አልባ ፊልም ግዴታ ነው፤ እሷ ግን ለመድረክም እንደዚያው ታደርግ ነበር። ይህንን ለማዳም ኢቬት ሳነብ ለማያዩ ሰው ማሳየት ስለነበረብኝ፣ ሰው ሲገባ፣ ሲቀመጥ፣ ሲነሳ እያንዳንዱን ነገር በልኩ መናገር ለመድኩ። ከዚያ በኋላ በሽተኛ ስይዝም የረዳኝ ይኸው ነው። አሁን እጄን ከትከሻዎ ሥር ላስገባ ነው፣ አሁን ወደ ግራ እንዞራለን እያልኩ ሳነሳቸው አይደነግጡም።

ዶና የቀን ሪፖርቴን አይታ ሁለት ሰዓት ንባብ ብለሽ ጽፈሻል፣ ንባብ የሚል ሳጥን ፎርሙ ላይ የለም አለችኝ። አብሮ መቆየት በሚለው ሥር ሙይው ብላ ራሷ አስተካከለችልኝ። ክፍያው ያው ነው። ለአራት ዓመት አብሮ መቆየት እያልኩ ሞላሁ።

የመጀመሪያ ተውኔቴን የጻፍኩት በሁለተኛው ዓመት ነው። የአበሻ ማኅበር ለእንቁጣጣሽ በዓል አዳራሽ ይዞ፣ ከዘፈኑ በፊት የሚታይ ነገር ጠፍቶ ሰው ይጠይቅ ነበር። እኔ እሞክራለሁ አልኩ። አንድ ካፖርት ስለሚጋሩ ሁለት ሴቶች የሃያ ደቂቃ ቀልድ ጻፍኩ። ክፍላችን ውስጥ ከመታጠቢያ ቤቱ በር እስከ መስኮቱ ገመድ ወጥሬ ወረቀቶቹን ስሰቅል ዘነበች አብዳለች ብላ ሳቀችብኝ፤ ከዚያ ግን እሷም ከሥር እየዞረች ይሄ ከዚያ ይቅደም ትለኝ ጀመር። አንደኛዋን ሴት የተጫወተችው ራሷ ነበረች። ታክሲ የሚነዱት ጋሽ ተካ፣ በወጣትነታቸው በክፍለ ሀገር ኪነት ቡድን ውስጥ የነበሩ፣ የሁለቱን ሴቶች አከራይ ሆነው ተጫወቱ። ሰው እንባው እስኪወርድ ሳቀ። በሚቀጥለው ሰኞ ለማዳም ኢቬት እየተረጎምኩ አነበብኩላቸው። ማንኪያዋ ዘጠኝ ጊዜ መታች። የእናቴ የመጀመሪያ ጽሑፍ ቢሆን ከዚህ የበለጠ ይመታበት ነበር አሉኝ። ያን ቀን አውቶቡስ ውስጥ ብቻዬን ፈገግ እያልኩ ተመለስኩ።

ቤዛ የመጣችው ከዚያ በኋላ ነው። ዘጠኝ ዓመቷ ነበር። ዘነበች ለእሷ ስትል አውሮራ ሁለት መኝታ ያለው አፓርትመንት ተከራየች፤ ለሁሉም ሰው እህቴ መጣችልኝ አለች። እሑድ ከቤተ ክርስቲያን ሲወጡ ግቢው ውስጥ ቆማ የልጅቷን ኮሌታ እያስተካከለች «እህት ዓለም» ትላታለች። ሰው ሁሉ ይሰማታል። ጮክ ብላ፣ እየሳቀች ነው የምትለው። እጇ ኮሌታው ላይ እንደሚዘገይ የማየው እኔ ብቻ ነበርኩ።

ከአንድ ዓመት ተኩል በኋላ ማኅበሩ ሙሉ ተውኔት እንድጽፍ ጠየቀኝ። ልጇን እህቴ እያለች የምታሳድግ ሴት ታሪክ ጻፍኩ። ስሟን እልፍነሽ አልኳት፣ ከናዝሬት አንስቼ ደሴ አደረግኋት፣ ልጅቷን በዕድሜ ከፍ አደረግኋት። ይህን ያህል ከቀየርኩ የማንም አይደለም ብዬ ራሴን አሳመንኩ። አንድ ነገር ግን አልቀየርኩም። እልፍነሽ የልጅቷን ኮሌታ እያስተካከለች «እህት ዓለም» ትላለች። ማውጣት እንዳለብኝ አውቄ ነበር። ከገመዱ ላይ ሁለት ጊዜ አውርጄው ሁለት ጊዜ መልሼ ሰቅዬዋለሁ። ከጻፍኩት ሁሉ የሚበልጠው እሱ ነበር፣ እኔ ደግሞ አዳራሹ በዚያ ቃል እንዴት ዝም እንደሚል ለማየት ጓጉቼ ነበር። ለዘነበች ስለምን እንደሆነ አልነገርኳትም። ስለ እህትማማቾች ነው አልኳት።

አውሮራ አንድ የትምህርት ቤት አዳራሽ ተከራይተን ነበር። ዘነበች ከፊት በሦስተኛው ረድፍ፣ ቤዛ አጠገቧ። እኔ ከመጋረጃው ጎን ቆሜ ነበር። ሁለተኛው ክፍል ላይ ተዋናይዋ ኮሌታውን ይዛ ቃሉን ስትል አዳራሹ እንዳሰብኩት ዝም አለ። ከዚያ አንድ ሁለት ሰው ዞር አለ። ከዚያ አንድ ረድፍ ሙሉ። ወደ መድረኩ አልነበረም የሚያዩት። ዘነበች ተነሳች። አልተጣደፈችም። ካፖርቷን ለበሰች፣ ቁልፎቹን አንድ በአንድ ቆለፈች፣ የቤዛን እጅ ይዛ በመሃል መተላለፊያው ወጣች። ቤዛ እየሄደች ወደ መድረኩ ዞራ ታይ ነበር። መጨረሻ ላይ ሰው ተነስቶ አጨበጨበ፤ እኔ ግን መድረኩ ላይ አልወጣሁም።

ስልክ አላነሳ ስትለኝ በሦስተኛው ቀን ቤቷ ሄድኩ። በሩን ሰንሰለቱን ሳትፈታ ከፈተችው። ይቅርታ ልጠይቃት ስጀምር አስቆመችኝ።

«ልጅቷ መንገድ ላይ ጠየቀችኝ። የነገርኳት አንቺ ስላስጠየቅሽኝ ነው እንጂ ጊዜው ስለደረሰ አይደለም» አለች። «እኔ ቀን መርጬ ነበር፣ ትርሲት። ቃሉንም መርጬ ነበር።»

በሩን ዘጋችው። እስከ ዛሬ ከሠራኋቸው ጥፋቶች ሁሉ በሽተኛም ላይ ይሁን ጽሑፍ ላይ እንደዚያ የከበደኝ የለም።

ሥራ አይቀርምና ሴንቴኒያል ሄድኩ። ያን ሳምንት ሰባተኛው ካርቶን ላይ ነበርን። አንድ የኦርታንስ ማስታወሻ ደብተር አውጥቼ ማንበብ ጀመርኩ። ሁለት ዓረፍተ ነገር እንዳነበብኩ ምን እንደሆነ ገባኝ። ኢቬት ጣቢያው ላይ ሦስት ባቡር ጠበቀች ይላል። ከሥሩ ደግሞ በኦርታንስ ፈጣን ጽሑፍ፣ ሻንጣው፣ ጓንቱ፣ ሦስቱ ባቡሮች፣ ሁሉንም ተጠቀሚባቸው ይላል። የገዛ ልጇን ሐዘን ለፊልም ስታዘጋጅ ነበር። አፍሬ ገጹን አልፌ የሚቀጥለውን ማንበብ ጀመርኩ።

ማንኪያዋ መታች። «ዘለልሽ» አሉኝ።

ገጹ ተቀዷል አልኳቸው።

«አልተቀደደም። ታሪኩን በታይፕ የገለበጥኩት እኔ ነኝ። አንብቢው።»

አነበብኩት። ሲያልቅ ማዳም ኢቬት ማንኪያዋን ሳህኑ ላይ አስቀምጠው ነገሩን አጫወቱኝ። አሥራ ዘጠኝ ዓመታቸው ነበር። የታጩለት መሐንዲስ ከቤተሰባቸው ጋር ሊተዋወቅ በጠዋቱ ባቡር ይመጣል ተብሎ ጣቢያ ሄደው ጠበቁት፤ በሦስት ባቡር ሳይመጣ ቀረ። በወሩ እናታቸው ታሪኩን ጽፋ ታይፑ አጠገብ አስቀመጠችላቸው። አንቺ ታይፕ ካላደረግሽው ይህ ጽሑፍ አይኖርም አለቻቸውና ዘንቢሏን ይዛ ገበያ ወጣች።

ሁለት ቀን በንዴት አልነኩትም ነበር። በሦስተኛው ቀን ገልጠው አነበቡት። ኦርታንስ ልጅቷ ሻንጣዋ ላይ ተቀምጣ ስታለቅስ አድርጋ ነበር የጻፈችው።

«እኔ አላለቀስኩም» አሉ ማዳም ኢቬት። «ርቦኝ ነበር። ጣቢያው ምግብ ቤት ገብቼ ሾርባና ዶሮ በላሁ። ጣፋጭም አዘዝኩ። እናቴ ይህን ልታውቅ አትችልም፣ እዚያ አልነበረችም።»

ለቅሶውን ትተው ምሳውን ታይፕ አደረጉ። ኦርታንስ ማታ ቤት ስትገባ ቆማ አነበበችውና እራት መሥራት ጀመረች። ፊልሙ ተሠራ። ጣፋጩ ሲመጣ ሰው ይስቅ ነበር፣ ከዚያ ሳቁ ቀስ እያለ ያቆማል አሉኝ። ፊልሙ አሁን የት አለ ብዬ ጠየቅኋቸው። ጠፍቷል፣ አብዛኞቹ ጠፍተዋል አሉ።

ያኔ የዘነበችን ነገር አወጣሁት። ስሟን ሳልጠራ ሁሉንም ነገርኳቸው። ሳያቋርጡ አዳመጡኝ።

«ሰጠሻት?» አሉ።

ምኑን አልኳቸው።

«ጽሑፉን። ከመድረኩ በፊት።»

አልሰጠኋትም አልኩ። አላጽናኑኝም፣ አልተቆጡኝምም። ሻይ እንዳፈላ አዘዙኝ። ሻዩን ጠጥተው ንባቡን ካቆምንበት እንድቀጥል ነገሩኝ።

ለተውኔቱ ሁለት ተጨማሪ ቅዳሜ ተይዞ፣ ማስታወቂያውም በየሱቁ ተለጥፎ ነበር። ሰረዝኩት። ጋሽ ተካ በጣም አዘኑ። ከጻፍሽው ሁሉ ይሄኛው ነው የሚበልጠው፣ ሰው ደግሞ በወሩ ይረሳዋል አሉኝ። ልክ ነበሩ፣ ይበልጥ ነበር። ከተዋናዮቹ እጅ ያለውን ወረቀት በሙሉ ሰብስቤ አንዱን ብቻ አስቀርቼ ሌላውን ቀደድኩ። የቀረውን ይዤ ዘነበች የምትሠራበት ሆቴል የሠራተኞች በር ላይ ጠበቅኋት። ያለው ይሄ ብቻ ነው፣ የፈለግሽውን አድርጊው፣ ላስነብብሽ ይገባኝ ነበር አልኳት። ሳታየው ቦርሳዋ ውስጥ ከታ አውቶቡሷን ያዘች።

ከዓመት በላይ አልተነጋገርንም። አንድ ለቅሶ ቤት ወጥ ቤት ውስጥ ተገናኘን። እኔ ሳህን አጥባለሁ፣ እሷ ገባች። ከግድግዳው ፎጣ አንስታ ከአጠገቤ ቆማ ማድረቅ ጀመረች። ያን ቀን የተባባልነው ብርጭቆዎቹ የት እንደሚገቡ ብቻ ነው። ከዚያ በኋላ ግን በበዓል እንጠራራ ጀመር። ቤዛም መጀመሪያ በእህትነት፣ ቆይታ በራሷ ጊዜ ማሚ እያለች አደገች። ይህንን ለራሴ ምስጋና አድርጌ አልቆጥረውም። ዘነበች የመረጠችው ቀን ነበራት፣ እኔ ወስጄባታለሁ።

ማዳም ኢቬት አሥራ አንደኛውን ካርቶን ከጨረስን በኋላ ስድስት ወር ኖሩ። ያረፉት እኔ በሌለሁበት ቀን ነው። ካርቶኖቹ ፈረንሳይ ወደሚገኝ የፊልም ቤተ መዛግብት እንዲላኩ ተናዘው ስለነበር የማሸጉ ሥራ ለእኔ ደረሰ። ዶና ሦስት ቀን ፈቀደችልኝ። በእያንዳንዱ ጽሑፍ ላይ ርዕሱንና የደራሲውን ስም በፈረንሳይኛ ጻፍኩ፤ በወንድ ስም በወጡትም ላይ ኦርታንስ ብዬ ጻፍኩ። ማንም አላዘዘኝም።

ከዚያ ወዲያ ያለው የሥራ ዘመኔ ረጅም ነው፣ ግን ለመናገር አጭር ነው። ሌሎች ቤቶች ሠራሁ፣ ከዚያ አውሮራ መጦሪያው ገባሁ፣ አገባሁ፣ ግሪን ቫሊ ራንች ቤት ገዛን። በየዓመቱ ወይም በየሁለት ዓመቱ አንድ ተውኔት ጻፍኩ። የቪዲዮ ፊልም ሲመጣ ለፊልምም ጻፍኩ፤ በየአበሻው ሱቅ መጀመሪያ በካሴት፣ በኋላ በዲቪዲ ተሸጠ፣ አሁን ዩቲዩብ ላይ ነው። ከሰው የወሰድኩት ነገር ካለ መጀመሪያ ለሰውየው እሰጣለሁ። ሁለት ሰዎች አይሆንም ብለውኝ ሁለት ታሪክ ቤቴ ተቀምጧል። ታሪኩን የወሰድኩበት አንድ ሙሽራ ደግሞ አባቴን በጣም ደግ አድርገሽዋል፣ እንዲህ አልነበረም ብሎ አስተካከለልኝ።

አንድ ጊዜ አውሮራ መናፈሻ ውስጥ የሽምግልና ትዕይንት ስንቀርጽ ሰማዩ ድንገት ጠቆረና እንቁላል የሚያክል በረዶ ወረደ። አምስቱም ሽማግሌና የምትታጨው ልጅ አባት በጠረጴዛ ሥር ገቡ። ጋሽ ተካ፣ ያኔ ሰባ አልፏቸዋል፣ ከረባታቸውን እያስተካከሉ እዚያው ተንበርክከው ቀሩ። ካሜራማኑ ሊያጠፋ ሲል እንዳታጠፋ አልኩት። የጻፍኩላቸው ሁለት ገጽ ንግግር ነበር፤ አንዱንም አልተናገሩም። ጠረጴዛው ሥር ሆነው የልጅቷን አባት እጅ ያዙና አባትየው ሳቀ። ፊልሙ ውስጥ የገባው እሱ ነው። እስከ ዛሬ መንገድ ላይ ሰው የሚያነሳብኝ እሱን ትዕይንት ነው።

አሁን የምሠራው ባብዛኛው እዚህ ከተወለዱ ልጆች ጋር ነው። አማርኛቸው ይሰበራል፣ ግማሹን በእንግሊዝኛ ይመልሱልኛል። ግን አንዷ ልጅ ልምምድ ላይ ጽሑፉን አስቀምጣ ይህቺ ሴት እንዲህ አትልም አለችኝ። ለምን ስላት ማብራራት አቃታት፣ ብቻ አትልም አለች። ደግሜ ሳነበው ልክ ነበረች። ሥራውን ለማን እንደምተወው የማስብበት ቀን አለፈ ብዬ ደስ አለኝ።

ጡረታ ከወጣሁ ሁለት ወር ሆኖኝ ዘነበች ደወለች። እሷም ከሆቴሉ በኋላ ከገባችበት የኤርፖርት ሥራ ከወጣች ቆይታለች። ቤት ነሽ ወይ አለችኝ። ቤዛ በመኪናዋ አምጥታት እኔ ዘንድ አውርዳት ወደ ሥራዋ ሄደች። ዘነበች ሹራቧን ሳታወልቅ ወጥ ቤት ጠረጴዛው ጋ ተቀመጠች። ስለ ጉልበቷ ትንሽ አወራን፣ ስለ ቤዛ ልጅም አወራን። ልጅቷ አሥር ዓመቷ ነው፤ ለትምህርት ቤት ሥራ የቤተሰብ ዛፍ ሣዪ ተብላ አያቷን እየጠየቀች ነው። እማማ፣ ለምን የእናቴ እህት ነበርሽ ይባላል ትላታለች።

«ለልጅቷ ልነግራት ፈልጌ ስጀምር ይደበላለቅብኛል» አለችኝ ዘነበች። «ጻፊልኝ። እኔ ልንገርሽ፣ አንቺ ጻፊው። ከፈለግሽ በኋላ መድረክ ላይ አውጪው፣ ግን መጀመሪያ ለእሷ ነው።»

የድሮው ጽሑፍ አለሽ ወይ ብዬ ጠየቅኋት። ያንን የዚያኑ ሳምንት ጥየዋለሁ፣ አላነበብኩትም አለች። ያን ሁሉ ዓመት አንብባው የተቆጣችኝ ይመስለኝ ነበር።

ላፕቶፑን አመጣሁ። ከየት እንደምትጀምር ጠየቅኋት። ከናዝሬት ነው ወይስ ከዴንቨር? ከእናትሽ ቤት? ዘነበች ሹራቧን አውልቃ ወንበሩ ላይ ሰቀለች፣ እጆቿን ጠረጴዛው ላይ ዘረጋች።

«መጀመሪያ ስሜን ጻፊው» አለች። «እልፍነሽ ብለሽ አይደለም። ዘነበች ብለሽ።»

ጻፍኩት። ዞር አድርጌ አሳየኋት። መነጽሯን አውጥታ አነበበችውና ቀጥዪ አለችኝ።